«ዳ» ሲጠብቅ፣ «ዳ» ሲላላ፦ ስለ ዱር እንስሳት ፊልም ሙያ የተደረገ የሕዝብ ትምህርት ንግግር



ወደዚህ አዳራሽ ስገባ አንድ ወጣት በር ላይ አስቆመኝና «ጋሼ፣ የዱር እንስሳት ፊልም መሥራት እፈልጋለሁ፤ የትኛውን ካሜራ ልግዛ?» ሲል ጠየቀኝ። ስለዚህ ሙያ በተናገርኩበት ቦታ ሁሉ ይህ ጥያቄ ቀርቶ አያውቅም። «ንግግሬ መሐል እመልስልሃለሁ» አልኩት። እነሆ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጦ ይጠብቃል። መጠበቅ ከቻለ የሙያውን ግማሽ አውቆታል ማለት ነው።

ከካሜራው በፊት ግን አንድ ቃል ላስቀድም። «አዳኝ» ብላችሁ ወረቀት ላይ ጻፉና ለሁለት ሰዎች ስጡ። አንደኛው «ዳ»ን አጥብቆ ያነበዋል፤ ጠመንጃ አንግቶ ዱር የሚወርድ ሰው ይታየዋል። ሁለተኛው አላልቶ ያነበዋል፤ ከሞት የሚያተርፍ ሰው ይታየዋል። ፊደሉ አንድ ነው፤ የሚለያቸው ምላስ ነው። የእኔ ሙያ ከመቶ ዓመት በላይ በእነዚህ ሁለት ንባቦች መካከል ሲዋልል ኖሯል፤ ዛሬ የማወራችሁም ይህንኑ ነው። የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ነገሩ የተጀመረው «ዳ» ጠብቆ ነው። በ1882 ኤቲየን ዡል ማሬ የሚባሉ ፈረንሳዊ ሊቅ ወፍ ስትበር ክንፏ እንዴት እንደሚንቀሳቀስ ማወቅ ፈለጉ። የሰው ዓይን አይደርስበትም። እናም አንድ መሣሪያ ሠሩ፤ አፈሙዝ አለው፣ ሰደፍ አለው፣ ቃታ አለው። ትከሻ ላይ አስደግፈው፣ አነጣጥረው ቃታውን ሲስቡት በሰከንድ 12 ፎቶ ያነሣል። ስሙንም የፎቶግራፍ ጠመንጃ አሉት። እንግሊዝኛ ተናጋሪዎች እስከ ዛሬ ፊልም መቅረጽን «መተኮስ» ይሉታል። እኛ «ማንሣት» እንላለን፤ የወደቀ ነገር እንደሚነሣ። የኛ ቃል ይሻላል ብዬ አምናለሁ፤ ቃሉ ግን ሥራውን አይሠራልንም።

ከማሬ ቀጥሎ የምወዳቸው ሁለት ወንድማማቾች ይመጣሉ፤ የእንግሊዝ አገር የገጠር ልጆች፣ ሪቻርድና ቼሪ ኪርተን። እነዚህ ሰዎች የወፍ ጎጆ ፎቶ ለማንሣት ያልሞከሩት ዘዴ የለም። ከሁሉ የሚደንቀው በሬው ነው። አንድ በሬ አሳርደው ቆዳውን አስገፈፉና በእንጨት አጽም ላይ አልብሰው ባዶ በሬ ሠሩ። አንዱ ወንድም ከነካሜራው ሆዱ ውስጥ ይገባል፤ ሌንሱ በተበሳ ቀዳዳ ያያል። ወፎቹ በሬ ስለማይፈሩ ጎጇቸውን ትተው አይበሩም። አንድ ቀን ሪቻርድ በሬው ውስጥ እንዳለ ተዝለፍልፎ ከነበሬው ተገለበጠ፤ እግሮቹን ወደ ሰማይ የሰቀለው በሬ ፎቶ ዛሬም አለ። እኔ በሙያዬ የተዋረድኩ ሲመስለኝ ያንን ፎቶ አያለሁ።

ቼሪ ኪርተን በኋላ ፊልም ማንሣት ጀመረና በ1909 ወደ ምሥራቅ አፍሪካ ሄደ። በዚያው ዓመት ከአሜሪካ ፕሬዚዳንትነት የወረዱት ቴዎዶር ሩዝቬልት ከልጃቸው ጋር ለአደን እዚያ ነበሩ፤ አባትና ልጅ ከ500 በላይ ትላልቅ እንስሳት ገደሉ። ኪርተን ሩዝቬልትን አግኝቶ ቀረጻቸው። ፊልሙ እውነተኛ ነበር፤ እውነት እንደሚሆነው ሁሉ ሩቅ፣ ደብዛዛና ዝግ ያለ። ችግሩ ቺካጎ ውስጥ ሴሊግ የሚባል የፊልም ነጋዴ ቀድሞታል። ሴሊግ አፍሪካን አላያትም። ያረጀ አንበሳ ገዛ፤ ሩዝቬልትን የሚመስል ተዋናይ ቀጠረ፤ ስቱዲዮው ውስጥ ጫካ አስተከለና አንበሳውን በካሜራ ፊት አስገደለ። ሕዝቡ በዚህኛው ተደሰተ፤ የኪርተን ሲመጣ ግን አዛጋ። እንግዲህ የዱር እንስሳት ፊልም ገና ዳዴ ሲል ይህን ትምህርት ተማረ፤ ውሸቱ ቀርቦ ይታያል፣ እውነቱ ይርቃል።

ይህ ትምህርት ለምን ያህል ጊዜ እንደሠራ ለማየት ሃምሳ ዓመት እንዝለል። በተከታታይ ዓመታት የኦስካር ሽልማት የወሰዱ ሁለት የዱር እንስሳት ፊልሞች አሉ። የመጀመሪያው በ1958 የወጣው የዲዝኒ «ነጩ ምድረ በዳ» ነው። እዚያ ውስጥ ለሚንግ የሚባሉ አይጥ መሰል ትናንሽ እንስሳት በጅምላ ወደ ገደል እየሮጡ ባሕር ውስጥ ሲወድቁ ይታያል። ተራኪው እንስሳቱ ራሳቸውን እንደሚያጠፉ አድርጎ ያወራል። ዓለም አመነ። በብዙ አገር «እንደ ለሚንግ» ማለት ዓይንን ጨፍኖ ከሌላው ኋላ ወደ ጥፋት መሄድ ማለት ሆነ። በ1982 የካናዳ ቴሌቪዥን ጋዜጠኞች ነገሩን ፈተሹት። የተቀረጸበት ጠቅላይ ግዛት አልበርታ ነው፤ አልበርታ ባሕር የላትም። እንስሳቱ ከሌላ ግዛት በገንዘብ ተገዝተው የመጡ ነበሩ። በረዶ በተነሰነሰበት ተሽከርካሪ ገበታ ላይ እያዞሩ ብዙ አስመስለው ቀረጿቸው፤ በመጨረሻም ከወንዝ ዳር ገፍተው ጣሏቸው። ለሚንግ ራሱን አያጠፋም። ሰው ነው የገደለው፤ ወንጀሉንም በሟቹ አሳበበ።

ሁለተኛው ፊልም በ1959 ወጣ፤ «ሴሬንጌቲ መሞት የለባትም» ይባላል። የፍራንክፈርት የእንስሳት ማቆያ ኃላፊ የነበሩት ቤርንሃርድ ግርዚሜክና ልጃቸው ሚካኤል በሜዳ አህያ መልክ የተቀባች ትንሽ አውሮፕላን ይዘው በዛሬዋ ታንዛኒያ ሜዳ ላይ ሲበሩ ከረሙ። ዋናው ሥራቸው መቁጠር ነበር። መንጋዎቹ በየወቅቱ ከየት ወዴት እንደሚጓዙ ካልታወቀ የፓርኩ ወሰን የት እንደሚሰመር አይታወቅምና። በጥር 1959 አውሮፕላኗ ከአንድ ጥንብ አንሣ ጋር ተጋጭታ ወደቀች፤ ሚካኤል በ24 ዓመቱ ሞተ። ንጎሮንጎሮ አፋፍ ላይ ቀበሩት። አባት ፊልሙን ጨረሱ።

ሁለቱንም ፊልሞች ያው አንድ ሽልማት ከፍ አደረጋቸው። ሸላሚው ልዩነቱን አላየም ብል ግፍ አይሆንብኝም፤ ተመልካቹም አላየም። ስለዚህ በዚህ ሙያ ዳኛው ሽልማትም ተመልካችም አይደለም። እዚያ ሜዳ ላይ ካሜራውን የያዘው ሰው ብቻውን ነው።

ለግርዚሜኮች ፊልም ካነሡት መካከል ኬንያ ያደገ አለን ሩት የሚባል ወጣት ነበር። ሩትና ባለቤቱ ጆአን ለእኔ የሙያው አባትና እናት ናቸው። እስከዚያ ድረስ ካሜራ የሚከተለው አንበሳ፣ ዝሆን፣ አውራሪስ ነበር፤ አዳኝ በ«ዳ» ጥብቀት የሚፎክርባቸው። እነሱ ግን ኩይሳ አጠገብ ተቀመጡ። በ1978 ስለ ምስጥ የሠሩት ፊልም ለኦስካር ታጭቷል። ስለ ምስጥ! ኩይሳ በእኛ አገር በየመንገዱ ዳር ቆሞ በመኪና የምናልፈው የአፈር ክምር ነው። እነሱ ውስጡን አሳዩን፤ አየር የሚያስገባና የሚያስወጣ መተላለፊያ፣ እንጉዳይ የሚያለሙ ሠራተኞች፣ የማታቋርጥ ወላድ ንግሥት። ይህን ያገኙት የተሻለ ካሜራ ስለነበራቸው አይደለም። አካባቢው ቤታቸው ስለነበረና የማንን ቤት በየትኛው ወር ማንኳኳት እንዳለባቸው ስላወቁ ነው።

ኬንያ፣ ጻቮ ውስጥ ምዚማ የሚባል እንደ መስታወት የጠራ ምንጭ አለ። ሩቶች እዚያ ውኃ ውስጥ ገብተው ጉማሬ ከሥር ሲራመድ ቀርጸዋል። በሌላ ጊዜ እዚያው ሲመለሱ አንድ ጉማሬ ተቆጣ፤ ክራንቻው የጆአንን የመጥለቂያ መነጽር ሰበረው፤ የአለንን ባት በሳው። ሰዎች ሲያወሩት የሰውየውን እግር ያነሣሉ። እኔን የሚገርመኝ መነጽሩ ነው፤ ትንሽ ቢዛነፍ ፊቷ ነበር። ጆአን ጉዞውን የምታሰናዳ፣ መኪናውን የምትጠግን፣ ምግቡን የምታስብ፣ አብራ የምትጠልቅ ሴት ነበረች። ስሟ ግን ከባሏ ስም ኋላ በትንሹ ነው የተጻፈው። በ2006 ናይቫሻ ሐይቅ ዳር፣ ሕገ ወጥ ዓሣ ማጥመድን ስትታገል ከኖረች በኋላ፣ ቤቷ ውስጥ በጥይት ተገደለች።

ስለ እንግሊዛዊው የቴሌቪዥን አቅራቢ ዴቪድ አተንቦሮ ሳልናገር ብወርድ እንደማትለቁኝ አውቃለሁ። ብዙ ሰው የማያስታውሰውን ልንገራችሁ። በ1954 የጀመሩት ተከታታይ ዝግጅታቸው እንስሳትን ይዞ ለለንደን የእንስሳት ማቆያ ስለማምጣት ነበር። እሳቸውም በ«ዳ» ጥብቀት ነው የተነሡት። ሩብ ምዕተ ዓመት ቆይቶ፣ በ1979 በቀረበው «ሕይወት በምድር ላይ»፣ ሩዋንዳ ተራራ ላይ ጎሪላዎች መሐል ተቀምጠው ታዩ። ሊናገሩ የሄዱት አውራ ጣት ከሌሎቹ ጣቶች ጋር ስለሚገጥምበት ጥቅም ነበር። ጎሪላዎቹ ከበቧቸው፤ ግልገሎቹ ጫማቸውን ይጎትቱ ጀመር። ስለ አውራ ጣት ማውራቱ ቀረ። ያን ጊዜ አንድ የ16 ሚሊ ሜትር ፊልም ጥቅልል 11 ደቂቃ ገደማ ብቻ ነው የሚወስደው፤ ለተጻፈው ንግግር ተብሎ የተቆጠበ ፊልም ላልታሰበ ነገር ሲዋል የቀራጩ ልብ ምን እንደሚል የሚያውቅ ያውቀዋል።

አሁን ወደ ዘመናችን። «ፕላኔት ኧርዝ» የተባለው ተከታታይ ፊልም በ2006 ሲወጣ ወደ አምስት ዓመት ተደክሞበት ከ200 በላይ ቦታዎች ተቀርጾ ነው። ስለ ተራሮች የሚያወራው ክፍሉ የሚጀምረው በእኛው ኤርታሌ ነው፤ ከዚያ ስሜን ይወጣና ጭላዳና ዋልያ ያሳያል። በዚያው ክፍል ውስጥ የበረዶ ነብር በፓኪስታን ገደል ላይ የዱር ፍየል ሲያሳድድ ይታያል። ያ ማሳደድ ከደቂቃዎች አይበልጥም፤ እሱን ለማግኘት ሦስት ዓመት ፈጅቷል። ፍየሉ አመለጠ። ቺካጎ ቢሆን ኖሮ አያመልጥም ነበር።

ግን ሥራው ንጹሕ ሆኗል ብዬ አላታልላችሁም። ለምሳሌ ድምፁ። ቀበሮ ከግማሽ ኪሎ ሜትር ርቀት በረጅም ሌንስ ስትቀረጽ የእግሯ ኮቴ ወደ ማይክሮፎን አይደርስም። በቴሌቪዥን የምትሰሙት የበረዶ ላይ እርምጃ ብዙ ጊዜ ስቱዲዮ ውስጥ አንድ ሰው በእጁ የሚጨፈልቀው የበቆሎ ስታርች ነው። በ2016 ዓለምን ያስጮኸችው፣ በጋላፓጎስ ደሴት ከእባቦች መንጋ መሐል ሮጣ ያመለጠችው የኢጓና ግልገልም ከአንድ በላይ ከሆኑ ሩጫዎች ተቆርጣ የተሰፋች መሆኗን አዘጋጇ ራሷ ተናግራለች። በ2011 ደግሞ የዋልታ ድብ በበረዶ ዋሻዋ ውስጥ ከአራስ ግልገሎቿ ጋር የታየችበት ትዕይንት ኔዘርላንድስ ውስጥ በሚገኝ የእንስሳት ማቆያ የተቀረጸ ሆኖ ተገኘ፤ ተራኪው ይህን አላለም፤ ማብራሪያው ያለው ኢንተርኔት ላይ ነበር። ብዙ ተጮኸ።

የእኔን ፍርድ ከጠየቃችሁኝ፣ ድምፁ አይከፋኝም። ኢጓናዋም አትከፋኝም፤ ግልገሎቹ እውነት ይሮጣሉ፣ እባቦቹም እውነት ያሳድዳሉ። ድቧን በዱር ዋሻዋ ውስጥ በመብራት መረበሽ ግልገሎቿን ሊያስጥላት ስለሚችል ማቆያ መሄዳቸው ትክክል ነው። መደበቁ ግን ትክክል አልነበረም፤ አንድ ዐረፍተ ነገር ይበቃ ነበር። ለሚንጉ ከእነዚህ ሁሉ ይለያል፤ እንስሳው የማያደርገውን አስደረጉት፣ እግረ መንገዳቸውንም ገደሉት።

ይህን ሁሉ በሌሎች ላይ ስፈርድ ቆይቼ ስለ ራሴ ዝም ብል አያምርም። ሙያውን የጀመርኩት የውጭ አገር ቀራጮችን ትራይፖድ ተሸክሜ ሳኔቲ ሜዳ ላይ ነው፤ ባሌ ተራሮች፣ ከ4,000 ሜትር በላይ። ቀይ ቀበሮን ፍለጋ። በዓለም ላይ የቀሩት አዋቂዎቹ 500 ገደማ ብቻ ናቸው፤ ከኢትዮጵያ ደጋ በቀር የትም የሉም። ብርዱ ባትሪ ይበላል፤ ባትሪውን ብብቴ ሥር ይዤ እውል ነበር። ማታ ድንኳን ስንገባ ሌንሱ በአንዴ ላብ ያልበዋልና በፌስታል ጠቅልለን ቀስ ብሎ እንዲሞቅ እንተወው ነበር። ቀኑን ሙሉ ትልቁ ፍልፈል ከጉድጓዱ ብቅ የሚልበትን ሰዓት እንጠብቃለን፤ ቀበሮዋም ልክ እንደኛ ትጠብቃለች። ሁለት ጠባቂዎች አንድ ጉድጓድ አፍጥጠን ስንውል፣ የምትበልጠን እሷ ነበረች። እኛ ሻይ እናፈላለን።

ከዓመታት በኋላ የራሴን ካሜራ ይዤ ተመለስኩ። ግልገሎች ያሉበት ጉድጓድ አገኘሁ። አስጎብኚዬ፣ የአካባቢው ሰው፣ «ከዚህ ድንጋይ አትለፍ» አለኝ። ብርሃኑ ያምር ነበር። አለፍኩ። በእጅጉ አይደለም፤ ሃያ እርምጃ ቢሆን ነው። ምሽቱን በደስታ አሳለፍኩት፤ በማግስቱ ጉድጓዱ ባዶ ነበር። እናትየው ሌሊቱን ግልገሎቿን አንድ በአንድ በአፏ አንጠልጥላ አዛውራቸዋለች፤ በዚያ ብርድ። ተርፈው ይሁን አላውቅም። አስጎብኚዬ አልተቆጣኝም፤ ድንጋዩ ላይ ተቀምጦ ቆሎውን ይቆረጥም ጀመር። ያን ቀን በየትኛው «ዳ» እንደተጠራሁ ማንም ሊነግረኝ አላስፈለገም።

እንግዲህ ልጄ፣ ሦስተኛው ረድፍ ላይ ያለኸው፣ ስለ ካሜራው። ያገለገለ ግዛ። ካሜራው በየዓመቱ ያረጃል፤ ሌንስ ግን ይቆያል። ገንዘብህን ርቆ በሚያይ ሌንስና ነፋስ በማይነቀንቀው ትራይፖድ ላይ አውጣ፤ ሌንስ በረዘመ ቁጥር የእጅህ መንቀጥቀጥ አብሮ ይገዝፋልና። ከዚያ በፊት ግን ባይኖኩላርና ደብተር ያዝ። ባሌ አትሂድ፤ ገና ነህ። ሥጋ ቤት ደጃፍ የምታንዣብበውን ጭላት ሦስት ወር ተከታተል። መቼ ትመጣለች? ጎጆዋ የት ነው? የማንን እጅ ትመርጣለች? ይህን መልሰህ ካሳየኸኝ ካሜራ እኔ አውስሃለሁ። እንጀራህን በቅዳሜና እሑድ ሠርግ እየቀረጽክ ብትጋግር አይናቅብህ፤ ሙሽራ ያለ ልምምድ አንዴ ብቻ የምታልፍ ትዕይንት ናት፤ ጥሩ ትምህርት ቤት ነው። ደግሞ ሁሉም ሰው ካሜራ አይይዝም። ተመራማሪዎችን አነጋግሮ ታሪኩን የሚያወጣ፣ ፈቃድ የሚጨርስ፣ ድምፅ የሚሠራ፣ ብዙ ሰዓት ቀረጻ አገላብጦ ወደ አንድ ሰዓት የሚያወርድ ኤዲተር ያስፈልጋል። ፊልሙ የሚወለደው እኮ ኤዲተሩ ጋ ነው።

የአገራችን ልጆች ከሁሉ የሚበልጡበት አንድ ነገር አለ፤ ቅርብ ናቸው። መንዝ ጓሳ ላይ ቀይ ቀበሮ በጭላዳ መንጋ መሐል እንደ ጎረቤት ዝግ ብላ ትሄዳለች፤ ጭላዳዎቹም አይሸሹም። በ2015 የታተመ ጥናት እንዳሳየው፣ ቀበሮ መንጋው መሐል ሆና አይጥ ስታድን ከሦስት ሙከራ ሁለቱ ይሳካላታል፤ ብቻዋን ስትሆን ከአራቱ አንዱ። ግልገል ጭላዳ እፊቷ እያለ ብዙ ጊዜ አትነካም፤ ብትነካ እንደምትባረር የምታውቅ ይመስላል። እረኛው ይህን ሲያይ ኖሯል። የባሌ አርብቶ አደሮችም ቀይ ቀበሮን በኦሮምኛ «ጄዳላ ፈርዳ»፣ የፈረስ ቀበሮ፣ ይሏታል፤ ልትወልድ የደረሰች ባዝራን ተከትላ የእንግዴ ልጁን ስለምትበላ። በዚህ ስም ውስጥ አንድ ሙሉ ፊልም አለ፤ እስካሁን የሠራው ሰው አላጋጠመኝም።

የመጨረሻው ደግሞ ይህ ነው። በ2024 ተመራማሪዎች አንድ ነገር አሳተሙ፤ ቀይ ቀበሮዎች በባሌ የአሸንዳን አበባ፣ ያንን እንደ ችቦ የሚቆመውን ቀይና ቢጫ አበባ፣ እየዞሩ ወለላውን ይልሳሉ። አንዳንዷ በአንድ ጉዞ እስከ 30 አበባ ታዳርሳለች። አፍንጫቸው በብናኝ ስለሚሸፈን ምናልባት እንደ ንብ አበባውን ሳያዳቅሉት አይቀሩም ተባለ። ሥጋ በል እንስሳ! ዓለም ተደነቀ። ከተመራማሪዎቹ አንዱ ወለላውን መጀመሪያ ያወቀው የእረኞች ልጆች አበባውን ሲልሱ አይቶ ነው።

እኔም ይህን ሳነብ አንድ ልጅ ትዝ አለኝ። ሳኔቲ ላይ ትራይፖድ እሸከም በነበረ ጊዜ አንድ እረኛ ልጅ አሸንዳ ሰብሮ «ላስ» ብሎ ሰጥቶኝ ነበር። አመስግኜ ተቀበልኩና ሌንስ እጠርግ ስለነበር መሬት ላይ አስቀመጥኩት። ያን ምሽት አሮጌ ቀረጻዎቼን አወጣሁና አንድ በአንድ አየሁ። በአራተኛው ካሴት ላይ አንዲት ቀበሮ ከአበባ መሐል ትወጣለች፤ አፍንጫዋ እስከ ዓይኖቿ ሥር ቢጫ ነው። የካሴቱ ልባስ ላይ በራሴ እጅ ጽሑፍ እንዲህ ይላል፦ «ፊቷ ቆሽሿል፤ አይጠቅምም።»